ባነሩ ቆንጆ ነው፣ ቀጠሮው ግን…

አዳማ ፖስታ ቤት አካባቢ ካሉት ማተሚያ ቤቶች በአንዱ ባነር አሠርቼ ነበር። ስሙን አልጠራም፣ ወቀሳም ስላለኝ።

ትምህርት ቤታችን ያለው የሴት ተማሪዎች ክበብ ለማርች 8 የአንዲት መምህር የነበረች ፖለቲከኛ ታሪክ ይሰቀል አለ። ልጆቹ የመረጡት የህንዷን ፕሬዚዳንት ድሩፓዲ ሙርሙን ነው። እኔም መምህርት ነኝና ደስ አለኝ።

የወሰድኩት በእጅ የተጻፈ ነበር። ኮምፒውተር ላይ ያለው ልጅ ዝም ብሎ የሚለቅም መስሎኝ ነበር፣ ለካ ያነባል። በ1958 (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ ነው) ኦዲሻ በሚባል የህንድ ክልል፣ ከነባር ጎሳዎች አንዱ ከሆነው ከሳንታል ሕዝብ መወለዳቸውን ጻፈ፤ መስኖ መሥሪያ ቤት በረዳትነት መሥራታቸውንም ጻፈ፤ ከ1994 እስከ 1997 ራይራንግፑር በምትባል ከተማ አስተማሩ የሚለው ጋ ሲደርስ ቆመ። «ቲቸር፣ ሦስት ዓመት ብቻ ነው እንዴ ያስተማሩት?»

ሦስት ዓመት ብቻ። እኔ 19 ዓመት አስተምሬ የቀበሌ ስብሰባ ላይ እንኳ እጄን አላወጣሁም። እሳቸው በዚያው በ1997 የከተማዋ ምክር ቤት ገቡ፣ በ2000 ደግሞ የክልሉ። ከ2015 እስከ 2021 ጃርካንድ የሚባለው ሌላ ክልል ገዢ ነበሩ። እዚያ ሳሉ በ2017 የገዛ ፓርቲያቸው መንግሥት የነባር ጎሳዎችን የመሬት ሕግ ለመቀየር ያጸደቀውን ሳይፈርሙ መለሱት። ልጁ ይህቺን መስመር ሳልነግረው አደመቀልኝ። በመሐል ባለቤታቸውንና ሁለት ወንድ ልጆቻቸውን መቅበራቸውን ባነሩ ላይ አላስገባሁም። እሱ ግን ወረቀቱ ላይ አንብቦት ማውዙን ለቆ ትንሽ ዝም አለ። ለእንደዚህ ዓይነት ሠራተኛ ነው የምከፍለው።

ሕትመቱ አንደኛ ነው። ነጭ ሳሪያቸው ላይ ያለው ቀይና አረንጓዴ ጥለት ቁልጭ ብሎ ወጥቷል፣ አንዷ ተማሪ «ይሄ የሐበሻ ቀሚስ አይደል?» እስክትል ድረስ። በአዳማ ፀሐይ አጥር ላይ ሁለት ሳምንት ተሰቅሎ ቀለሙ አልለቀቀም። ከጎረቤቶቻቸውም 200 ብር ቀንሰውልኛል።

አሁን ወደ ወቀሳዬ። ዓርብ ጠዋት ነይ ብለውኝ ስሄድ መብራት የለም። ጄኔሬተር አለን ያሉኝ ግን ራሳቸው ናቸው፣ ለካ ናፍጣ የለውም። ዝግጅቱ 9 ሰዓት ነው፣ ባነሩ እጄ የገባው 8 ሰዓት ተኩል ላይ። ባጃጅ ውስጥ ዘርግቼ ሳየው ቦታ ለመቆጠብ ብለው «እ.ኤ.አ.» የሚለውን ከሁሉም ዓመት ላይ አውጥተውታል። «በ2022 ፕሬዚዳንት ሆኑ» ይላል! እኛ ገና እዚያ ዓመት አልደረስንም። ከነባር ጎሳዎች የመጀመሪያዋ፣ ከሴቶች ሁለተኛዋ ፕሬዚዳንት ብዬ የጻፍኩት ሁሉ ትንቢት መሰለ።

ባጃጁን አስመለስኩት። ልጁ ስቲከር ቆርጦ፣ አንድ በአንድ ለጥፎ፣ ይቅርታ ጠይቆ ሸኘኝ። ለዚህ አላስከፈሉኝም። ከሩቅ አያስታውቅም፣ ቀረብ ብሎ ላየው ግን ትንሽ ጠመም ይላል።

ሌላ ሥራ ካለኝ ተመልሼ እሄዳለሁ። ዓርብ የምፈልገውን ግን ለረቡዕ ነው እላቸዋለሁ፣ ሳይታተም በፊትም ስክሪኑ ላይ ቆሜ አነባለሁ።