‹ድሪፍት›፦ ባሕር የሚተውንበት ፊልም

‹ድሪፍት› የጀርመናዊቷ ሄሌና ቪትማን የመጀመሪያ ረጅም ፊልም ሲሆን፣ እ.ኤ.አ. በ2017 በቬኒስ ፌስቲቫል የሐያስያን ሳምንት ላይ ታይቷል። እኔ ያየሁት ባለፈው ሳምንት፣ ከዚራ ሰፈር በሚገኘው የወዳጄ ግቢ፣ የድሬዳዋ ሙቀት በረድ ካለ በኋላ በግድግዳ ላይ በፕሮጀክተር ነው።

ታሪኩ አጭር ነው። ሁለት ጓደኛሞች በሰሜን ባሕር ዳርቻ ቅዳሜና እሑድን አብረው ያሳልፋሉ፤ ከዚያም አንዷ ወደ አርጀንቲና ስትመለስ፣ ሌላዋ ወደ ካሪቢያን ተጉዛ በባለሸራ ጀልባ አትላንቲክን ታቋርጣለች። ይህ መግቢያ ሳስቶብኛል፤ የሴቶቹን ቅርበት እንድናምን የሚያደርግ ነገር ጥቂት ነው።

የፊልሙ ልብ ያለው መሃሉ ላይ ነው። ግማሽ ሰዓት ለሚጠጋ ጊዜ ሰው ከዓይናችን ይሰወርና ውኃ ብቻ ይቀራል። ካሜራውን የያዘችው ቪትማን ራሷ ናት፤ አድማሱ ከጀልባው ጋር ከፍ ዝቅ ይላል፣ የውኃውም ቀለም ከብርሃኑ ጋር ይለዋወጣል። እኛ ድሬዳዋ ያደግን ሰዎች የምናውቀው የከተማችንን ወንዝ ደቻቱን ነው፤ አብዛኛውን ዓመት አሸዋ ሆኖ ይከርምና፣ ከተራራው ዝናብ ሲወርድ በድንገት ሞልቶ ያልፋል፤ ውኃውም ሲመጣ መሸሽ፣ ሲያልፍ መመለስ ልማዳችን ነው። በዚህ ልማድ የተነሳ ዓይኔ የማዕበሉን ማለፍ ሲጠብቅ ቆየ። አላለፈም። መጠበቁን ከተውሁ በኋላ ነው እያንዳንዱ ማዕበል የየራሱ ቅርጽና ክብደት እንዳለው ማየት የጀመርሁት፤ ይህን ትዕግሥት ተመልካቹን ሳያስገድድ ማስተማሩ ለእኔ የፊልሙ ትልቁ ችሎታ ነው።

የኒካ ሶን የድምፅ ሥራም ከምስሉ አያንስም። ፊልሙን አስቀድሜ በስልክ ሞክሬው ነበር፤ ያየሁት የሚንቀሳቀስ ሰማያዊ ነገር ብቻ ነበር። በግቢው ውስጥ በደህና ድምፅ ማጉያ ሲሰማ ግን ጉምጉምታው ደረት ውስጥ ይገባል። ስለዚህ በስልክ አትዩት። የአማርኛ የትርጉም ጽሑፍ አላገኘሁለትም፤ ንግግሩ ጥቂት ስለሆነ ግን ብዙም አይጎዳም።

በመጨረሻ ጓደኛሞቹ በኢንተርኔት እየተያዩ ሲያወሩ፣ በመካከላቸው ያለው ርቀት ምን ያህል ውኃ እንደሆነ ተመልካቹ ያውቀዋል፤ የሳሳው መግቢያም ያኔ ትርጉም ያገኛል። በባቡር ሥራ ጅቡቲ ድረስ ሲመላለሱ የኖሩት የወዳጄ አባት አንድም ቃል ሳይናገሩ ተከታትለው ሲያበቁ፣ የባሕሩ ክፍል እንደገና ይታይልኝ ብለው ጠየቁ፤ እኛም መልሰን ከፈትነው።