ዲስክ ወይስ ዲጂታል? የኮንሶል ጌም ከመግዛታችሁ በፊት

ታናሽ ወንድሜ ያገለገለ ኮንሶል፣ ማለት ጌም የሚጫወቱበት ዕቃ፣ ይዞ የገባ ቀን ቤቱ የሰርግ ቤት መስሎ ነበር። ሻጩ «ሃያ ጌም ተጭኖበታል» ብሎታል። ቆጠርነው፤ እውነትም ሃያ ነው። ሁለት ሳምንት ሙሉ እንቅልፍ የሚባል ነገር አልነበረም። አንድ ማታ ግን ሲከፍተው በየጌሙ ምስል ላይ ትንሽ የቁልፍ ምልክት ወጥታ አገኘናት። ጌሙ እዚያው አለ። የያዘውን ቦታም አልለቀቀም። ሲነካ ግን አይከፈትም። ጌሞቹ የተገዙት በሻጩ አካውንት ነበር። እሱ ሌላ ኮንሶል ገዝቶ አካውንቱን ወደዚያ አዛወረ፣ እኛ ዘንድ የቀረው ባዶ ዕቃ ሆነ።

ያን ማታ የወንድሜን ፊት ሳይ ነው ይህን ጉዳይ ሰው በደንብ ሊያውቀው ይገባል ያልኩት። ዲስክ ይሻላል ወይስ ዲጂታል (ከኢንተርኔት የሚወርደው) ሲባል ሁሉም ቀድሞ የሚያስበው ዋጋውን ነው። ከዋጋው በፊት ግን አንድ ጥያቄ አለ፦ ጌሙ በማን እጅ ነው የሚቀመጠው?

ዲስኩ በእጃችሁ፣ ዲጂታሉ በአካውንታችሁ

ዲስክ ስትገዙ ፈቃዱ ዲስኩ ላይ ነው። ዲስኩን የያዘ ይጫወታል። ለጓደኛ ታውሱታላችሁ፣ ስትጨርሱ ትሸጡታላችሁ፣ ከሌላ ጌም ጋር ትለዋወጡበታላችሁ። ማንንም ማስፈቀድ አያስፈልግም።

ዲጂታል ስትገዙ ደግሞ የመጫወት ፈቃድ በአካውንታችሁ ላይ ይመዘገባል። ፈቃዱ ለሌላ ሰው አይሸጥም፣ አይተላለፍም። አካውንቱ ከታገደ ወይም ከተሰረቀ ጌሞቹ አብረው ይሄዳሉ። ይህ ነገር ሰውን ስለሚያሳስት የአሜሪካዋ ካሊፎርኒያ በ2024 (እ.ኤ.አ.) ሕግ አወጣች። ከ2025 መጀመሪያ ጀምሮ ዲጂታል ዕቃ የሚሸጥ ድርጅት፣ ገዢው የሚያገኘው ፈቃድ መሆኑን በግልጽ ሳይነግር «ግዛ» የሚል ቃል መጠቀም አይችልም።

ሱቁ ራሱ ሲዘጋስ? ይህም ደርሷል። ኒንቴንዶ ዊዩ እና ስሪዲኤስ የተባሉ የቀድሞ ኮንሶሎቹን የኢንተርኔት መሸጫ መጋቢት 2023 ላይ ዘጋ። ማይክሮሶፍት የኤክስቦክስ 360ን ሐምሌ 2024 ላይ ዘጋ። በሁለቱም ቀድሞ የተገዛውን መልሶ ማውረድ አልተከለከለም፤ አዲስ መግዛት ግን ቀረ። በዲስክ ወይም በካርድ (የኒንቴንዶ ጌም የሚሸጥበት) የወጣውን ጌም ግን ዕቃው እስከሠራ ድረስ ከሌላ ሰው ገዝቶ መጫወት ይቻላል።

ዲስክ ሁሉንም ያድናል ማለቴ ግን አይደለም። ያለ ኢንተርኔት የማይሠራ ጌም ሰርቨሩ (ጌሙ የሚገናኝበት የድርጅቱ ኮምፒውተር) ሲጠፋ ዲስኩም ይሞታል። ዩቢሶፍት «ዘ ክሩ» የሚባለውን የመኪና ውድድር ጌም ሰርቨር በመጋቢት 2024 መጨረሻ ሲያጠፋ በዲስክ የገዛውም በዲጂታል የገዛውም እኩል ባዶ እጁን ቀረ። ስለዚህ ጌሙን ከመግዛታችሁ በፊት ብቻችሁን፣ ያለ ኢንተርኔት መጫወት ይቻል እንደሆነ ሽፋኑ ላይ ወይም መሸጫ ገጹ ላይ አንብቡ።

ሌላው ጥንቃቄ የሚፈልገው የኒንቴንዶ ኮንሶል የሆነው የስዊች 2 ካርድ ነው። አንዳንዱ ካርድ ውስጥ ጌሙ የለም። ካርዱ ቁልፍ ብቻ ነው፤ ጌሙን ከኢንተርኔት ታወርዳላችሁ፣ ለመጫወት ደግሞ ካርዱን መክተት አለባችሁ። ማዋስና መሸጥ ስለሚቻል ከሙሉ ዲጂታል ይሻላል። ኢንተርኔት ደካማ ለሆነበት ሰው ግን የዲስክን ጥቅም ግማሹን ያሳጣዋል። ሽፋኑ ፊት ለፊት ምልክት ስላለው ሳታዩ አትግዙ።

ኢንተርኔቱና ቦታው

እዚህ ላይ ስሌት እንሥራ። የዛሬ ትልልቅ ጌሞች 100 ጊጋባይት መድረሳቸው የተለመደ ነው። የኢንተርኔት ፍጥነት የሚነገረው በሰከንድ በሚያልፍ ሜጋቢት ነው፤ ሜጋባይት ለማግኘት በ8 አካፍሉት። 10 ሜጋቢት ያለው ቤት 100 ጊጋባይት ለማውረድ 22 ሰዓት ገደማ ይፈጅበታል፣ ያውም ሳይቆራረጥ። 50 ሜጋቢት ያለው አራት ሰዓት ተኩል ገደማ ይበቃዋል። 100 ሜጋቢት ያለው ደግሞ ከሁለት ሰዓት ትንሽ በላይ። ኢንተርኔታችሁ በጥቅል የሚሞላ ከሆነ፣ አንድ ጌም የወሩን ጥቅል ሊጨርሰው እንደሚችል አስቡ።

ዲስክ ከዚህ ብዙውን ያድናል። የፕሌይስቴሽን 5 ዲስክ እስከ 100 ጊጋባይት ይይዛል፤ ያን ያህል መረጃ ከዲስኩ ወደ ኮንሶሉ ይገለበጣል። አፕዴቱ ግን አይቀርም። ጌሙ በወጣበት ቀን ብዙ ጊጋባይት አፕዴት መጠየቁ የተለመደ ነው። ዲስክ ከዲጂታል ያነሰ ቦታ ይይዛል የሚለው ወሬም ስህተት ነው። በአሁኖቹ ፕሌይስቴሽንና ኤክስቦክስ ጌሙ ሙሉ በሙሉ ውስጥ ይጫናል፤ ዲስኩ ማስነሻ ቁልፍ ነው። ካርዱ ላይ ያለው በቀጥታ የሚሠራው ስዊች ላይ ነው።

ቦታን በተመለከተ ካርቶኑ ላይ የተጻፈውን አትመኑ። በ2020 የወጣው ፕሌይስቴሽን 5 ላይ 825 ጊጋባይት ተብሎ ተጽፏል፤ ለጌም የሚተርፈው 667 ገደማ ነው። ኤክስቦክስ ሲሪስ ኤስ 512 ይላል፤ የሚተርፈው 364። ሦስት አራት ትልልቅ ጌም ከጫናችሁበት በኋላ አንዱን ሳታጠፉ ሌላ አይገባም። ያጠፋችሁትን ዲጂታል ጌም ስትፈልጉ እንደገና ማውረድ ነው፣ ያንኑ 22 ሰዓት። መደበኛ ዩኤስቢ ሃርድ ዲስክ ለማስቀመጫ ይጠቅማል፤ የአዲሱ ትውልድ ጌም ግን ከዚያ ላይ አይሠራም፣ ወደ ውስጥ መመለስ አለበት። መመለሱ ከማውረድ በጣም ስለሚፈጥን፣ ኢንተርኔቱ ቀርፋፋ የሆነ ሰው ቢገዛው አይቆጭም።

ሦስቱ መሸጫዎች ጎን ለጎን

ዲጂታል ለመግዛት ከወሰናችሁ የሦስቱ ድርጅቶች ደንብ አንድ አይደለም።

በመጀመሪያ ገንዘብ መመለስ። ፕሌይስቴሽን በ14 ቀን ውስጥ ይመልሳል፣ ግን ማውረድ ካልጀመራችሁ ነው። ከገዛችሁ በኋላ ማውረዱ በራሱ እንዳይጀምር ተጠንቀቁ፤ ጀመረ ማለት መብታችሁ አለቀ ማለት ነው። ኤክስቦክስ ለ14 ቀን ጥያቄ ይቀበላል፤ አውርዳችሁ ትንሽ ሞክራችሁት ቢሆንም እንኳ ያያል፣ ብዙ ከተጫወታችሁ ግን እምቢ ይላል። ኒንቴንዶ በአጠቃላይ ሽያጩ የመጨረሻ ነው ባይ ነው። በዚህ ነጥብ ኤክስቦክስን አስበልጣለሁ። ጌም ሳይሞክሩት ወደዱት ጠሉት ማለት አይቻልምና።

ሁለተኛው ለቤተሰብ ማጋራት ነው፤ ዲጂታል የሚያሸንፍበት ቦታ ካለ ይኸው ነው። ፕሌይስቴሽን 5 ላይ «ኮንሶል ሼሪንግ» የሚባለውን በአንድ ኮንሶል ላይ ስታበሩ፣ እዚያ ዕቃ ላይ አካውንት ያለው ሰው ሁሉ የእናንተን ጌም ይጫወታል። ኢንተርኔት ባይኖርም ይከፈታል። ኤክስቦክስ ይህንኑ «ሆም ኤክስቦክስ» ይለዋል፤ በዓመት መቀየር የሚቻለው አምስት ጊዜ ነው። ሁለት ኮንሶል ባለበት ቤት ታላቅ ወንድም በአንዱ፣ ታናሹ በሌላው፣ አንድ ጊዜ በተገዛ ጌም እኩል መጫወት ይችላሉ። በአንድ ዲስክ ይህን ማድረግ አይቻልም። ኒንቴንዶ ከሚያዝያ 2025 ጀምሮ ሌላ መንገድ አምጥቷል። ዲጂታሉን ጌም እንደ ካርድ ከአንዱ ስዊች አውጥታችሁ ወደ ሌላው ትከታላችሁ፤ ለቤተሰብ ቡድን አባል ለ14 ቀን ታውሳላችሁ፣ ቀኑ ሲሞላ በራሱ ይመለሳል። በተዋሰበት ጊዜ ግን እናንተ አትጫወቱትም።

የወንድሜ ነገርም የመጣው ከዚሁ ማጋራት ነው። ሻጩ ማጋሪያውን ወንድሜ በገዛው ዕቃ ላይ ትቶለት ነበር፤ ወደ አዲሱ ሲያዞረው ሁሉም ተቆለፈ። «አካውንቱንም አብሬ እሸጥላችኋለሁ» የሚል ሰውም አለ። አትቀበሉ። የኢሜይሉ ባለቤት እሱ እስከሆነ ድረስ በፈለገው ቀን የይለፍ ቃሉን ይቀይራል። አካውንት መሸጥ በድርጅቶቹ ደንብም የተከለከለ ነው።

ሦስተኛው ነጥብ የአካውንቱ አገር ነው። ይህን ሰው አይነግራችሁም፣ በኋላ ግን ያስለቅሳል። የፕሌይስቴሽን አካውንት ሲከፈት የመረጣችሁት አገር አብሯችሁ ይኖራል፣ አይቀየርም። የምትሞሉት የስጦታ ካርድም የዚያው አገር መሆን አለበት። ዲስኩ ከየትም ቢመጣ ይሠራል፤ ተጨማሪ ይዘት ስትገዙ ግን የአካውንታችሁ አገርና የዲስኩ ቀጠና ካልተገናኙ የከፈላችሁበት ነገር ላይታይ ይችላል። ኤክስቦክስም ኒንቴንዶም አገር መቀየር ይፈቅዳሉ። ፕሌይስቴሽን የምትገዙ ሰዎች እንግዲህ አካውንቱን የምትከፍቱበትን ቀን በጥድፊያ አታሳልፉት።

ዋጋ

አዲስ በወጣ ሳምንት ዲስኩም ዲጂታሉም ብዙ ጊዜ እኩል ናቸው። ልዩነቱ ከወራት በኋላ ነው። ዲጂታል በቅናሽ ወቅት በጣም ይወርዳል፣ በተለይ ቆየት ያለ ጌም። የኒንቴንዶ የራሱ ጌሞች ግን ዋጋቸው ቶሎ አይሰበርም። ዲስክ ደግሞ ያገለገለ ይገኛል፣ ጨርሳችሁም ትሸጡታላችሁ። ትክክለኛው ዋጋ የገዛችሁበት ሲቀነስ የሸጣችሁበት ነው። ያገለገለ ስትገዙ ዲስኩን ገልብጣችሁ በብርሃን እዩት፤ ጥልቅ ጭረት ካለው ተዉት።

በየወሩ መክፈል

ፕሌይስቴሽን ፕላስና የኤክስቦክሱ ጌም ፓስ ብዙ ጌም በወርሃዊ ክፍያ ይሰጣሉ። በወር ሁለት ሦስት ጌም ለሚቀምስ ሰው ግሩም ነው። አንድ ጌም ዓመቱን ሙሉ ለሚጫወት ግን ገንዘብ ማባከን ይመስለኛል፤ ጌሙን ይግዛው። ከዝርዝሩ ጌም ይወጣል፣ ክፍያ ስታቆሙም ሁሉም ይቆለፋል። በዋጋ የሚሸጡትን አብዛኞቹን ጌሞች ከሌሎች ጋር በኦንላይን ለመጫወት በሦስቱም ላይ የአባልነት ክፍያ እንዳለ አትርሱ። በነፃ የሚወርዱት እንደ ፎርትናይት ያሉት ይህን አይጠይቁም።

የደረሳችሁበት ቦታ፣ ማለት ሴቫችሁ፣ ዲስክ ላይ አይቀመጥም። ኮንሶሉ ውስጥ ነው። ኤክስቦክስ በነፃ ወደ ኢንተርኔት ይገለብጠዋል። ፕሌይስቴሽንና ኒንቴንዶ ይህን የሚያደርጉት ለሚከፍል አባል ነው። የፕሌይስቴሽን 5 ጌም ሴቭ ወደ ፍላሽ አይገለበጥም። ዕቃው ከተበላሸ የመቶ ሰዓት ልፋት አብሮ ይጠፋል።

ታዲያ የትኛውን ኮንሶል?

የእኔ ምርጫ የዲስክ ማጫወቻ ያለው ነው። ማጫወቻ ያለው ዕቃ ሁለቱንም ይቀበላል፤ የሌለው አንዱን ብቻ። በ2020 የወጣው ዲጂታል ፕሌይስቴሽን 5 ማጫወቻ አይገጠምለትም። ከ2023 ወዲህ የወጣው ቀጭኑ ዲጂታልና ፕሮው ግን ለብቻው የሚሸጠውን ይቀበላሉ፤ መጀመሪያ ሲገጠም ኢንተርኔት ይፈልጋል። ሲሪስ ኤስ ምንም መላ የለውም። ቤታችሁ የፕሌይስቴሽን 4 ዲስኮች ካሉ ይህ ነጥብ ብቻ ይበቃችኋል፦ አዲሱ ላይ የሚነበቡት ማጫወቻ ካለ ነው።

ያም ሆኖ ሁሉን በዲስክ አታገኙም። «አላን ዌክ 2» በጥቅምት 2023 በዲጂታል ብቻ ወጣ፤ ዲስኩ የመጣው ከአንድ ዓመት በኋላ ነው።

ታሪክ ያለውን ጌም፣ አንዴ ጨርሳችሁ የምትተዉትን፣ በዲስክ ግዙ። ከጓደኞቻችሁ ጋር በየማታው ለግማሽ ሰዓት የምትከፍቱትን ደግሞ በዲጂታል፤ ዲስክ እየቀያየሩ መነሳት ያሰለቻል። ልጆች ባሉበት ቤት፣ ዲስክ እንደ ሳህን በሚያዝበት፣ ዲጂታሉ ዕድሜው ይረዝማል።

ያገለገለ ኮንሶል የምትገዙ ከሆነ ገንዘቡን ከመስጠታችሁ በፊት ሻጩ ፊታችሁ ውስጡ ያለውን ሁሉ ይሰርዝ፣ አካውንቱንም ያውጣ። ከዚያ በኋላ የምታዩት ነው የምትገዙት ዕቃ።

ወንድሜ አሁን በራሱ ኢሜይል የተከፈተ አካውንት አለው፣ በስልኩ ኮድ የሚጠይቅ። ዕቃው ማጫወቻ ስላለው ሃያውን ጌም አጥቶም ባዶ አልቀረም። ባለፈው ሳምንት የጨረሰውን ዲስክ ለጓደኛው ሰጥቶ ሌላ ይዞ መጣ። ከተተው፣ መገልበጥ ጀመረ፣ 14 ጊጋባይት አፕዴት ጠየቀው። «ነገ ይደርሳል» ብሎ ኮንሶሉን እያወረደ እንዲያድር ትቶት ተኛ።