ማድሪድ ለምትሄዱ፦ ኤል ኤስኮሪያልንና የጦርነቱን መቃብር ላስጎበኙን መምህር ምስጋናዬ

ይህን ጽሁፍ የምጽፈው አንድ ሰው ለማመስገን ነው። ማድሪድ ለመሄድ ያሰባችሁ፣ በተለይ እናት አባታችሁን ይዛችሁ የምትሄዱ ካላችሁ ደግሞ እኚህን ሰው እንድታገኟቸው ስለምፈልግ ነው።

እናቴ ከአዲስ አበባ መጥታ ጀርመን እኔ ጋ ሰንብታ ነበር። ታናሽ እህቴ ማድሪድ ስለምትኖር ወደ እሷ ሄድን። እህቴ ለእማዬ የሚሆን የቀን ጉዞ ስታፈላልግ ቆይታ አንድ አስጎብኚ አገኘችልን። ጡረታ የወጡ የታሪክ መምህር ናቸው። የአስጎብኚነት ፈቃድ አላቸው፤ በራሳቸው መኪና ጥቂት ሰው ብቻ ይዘው ይሄዳሉ። ጉዞው ከማድሪድ ወደ ሰሜን ምዕራብ ነው። ሁለት ቦታ ይታያል። አንደኛው የስፔን ነገሥታት ያረፉበት የኤል ኤስኮሪያል ገዳምና ቤተ መንግሥት ነው። ሁለተኛው ጄኔራል ፍራንኮ ከእርስ በርስ ጦርነቱ በኋላ ተራራ አስፈልፍሎ ያሠራው ትልቅ መቃብር ነው።

መምህሩን የወደድኳቸው ገና ሳላያቸው ነው። በዋዜማው ማታ ደውለው ስለ እማዬ ጠየቁኝ። ጉልበቷ ደረጃ ይችላል ወይ? ብርድ ይጎዳታል ወይ? የማትበላው ነገር አለ ወይ? ቀኑ ዐርብ ስለነበር ጾም መሆኑን ነገርኳቸው። ሥጋ ብቻ ሳይሆን ወተት፣ ቅቤና እንቁላልም እንደማይቀመስ አስረዳሁ። "ገባኝ፣ እሱን ለእኔ ተዉት" አሉኝ። እንደዚህ ብሎ የሚጠይቅ አስጎብኚ አጋጥሞኝ አያውቅም። ከዚያ በፊት በትልቅ አውቶቡስ ሌላ ከተማ ሄደን ነበር። እማዬ ሙዚየሙን ሳይሆን ባንዲራ ይዞ የሚሮጠውን ልጅ ጀርባ ስታይ ነው የዋለችው።

ኤል ኤስኮሪያል በጓዳራማ ተራሮች ግርጌ ነው፤ ከማድሪድ ወደ 50 ኪሎ ሜትር ገደማ ይሆናል። ከፍታው ከ1,000 ሜትር በላይ ስለሆነ ከማድሪድ ይቀዘቅዛል፣ ጃኬት ያዙ። ሕንጻውን ያሠራው የስፔኑ ንጉሥ ዳግማዊ ፊሊጶስ ነው። ዓመተ ምሕረቱን ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ነው የምጽፈው፤ የኛ ሲሆን እናገራለሁ። ሥራው በ1563 ተጀመረ፣ በ1584 አለቀ። የጀመረው አርክቴክት ሁዋን ባውቲስታ ዴ ቶሌዶ በ1567 ሲሞት ሁዋን ዴ ኤሬራ ተረክቦ ጨረሰው። መምህሩ መጀመሪያ ወደ ውስጥ አላስገቡንም። ውጭ አቁመውን "ዝም ብላችሁ እዩት" አሉን። ግራጫ ግራናይት፣ ረጅም ግድግዳ፣ ተደርድረው የማያልቁ መስኮቶች። ጌጥ የሚባል ነገር የለውም ማለት ይቻላል። የዓለምን ሀብት በእጁ ያስገባ ንጉሥ ለምን እንዲህ ያለ ደረቅ ቤት ሠራ? እሳቸው መልሱን በአንድ ጊዜ አልሰጡንም። ክፍል በክፍል እያለፍን ራሳችን እንድንደርስበት ተዉን።

ታሪኩ የሚነሳው ከጦርነት ነው። በነሐሴ 10 ቀን 1557 የፊሊጶስ ጦር ሳን ኬንታን ላይ ፈረንሳዮችን ድል አደረገ። ቀኑ የቅዱስ ሎሬንዞ በዓል ነበር። ሎሬንዞ ሮም ውስጥ በብረት ፍርግርግ ላይ በእሳት ተጠብሶ በሰማዕትነት ያረፈ ዲያቆን ነው። ገዳሙ በስሙ ተሰየመ። የሕንጻው ቅርጽም ከላይ ሲታይ የዚያን ፍርግርግ መልክ ይዟል ይባላል። እማዬ ሰማዕት ስትሰማ አማተበች። መምህሩ እስክትጨርስ ጠብቀው ነው የቀጠሉት።

የቤተ ክርስቲያኑ ደጅ ላይ ስድስት የብሉይ ኪዳን ነገሥታት ሐውልቶች ቆመዋል። እማዬ ማንም ሳይነግራት በገና የያዘውን አይታ "ዳዊት ነው" አለች። አጠገቡ ያለው ሰሎሞን ነው። ያኔ መምህሩ ፈገግ አሉና "እናንተን ስጠብቅ የነበረው ሌላ ቦታ ነው" ብለው ወደ ቤተ መጻሕፍቱ ወሰዱን።

እዚህ ጋ ትንሽ ልቆይ፤ ብዙ ሐበሻ ሳያየው የሚያልፈው ቦታ ይመስለኛል። አዳራሹ ረጅም ነው፤ ጣሪያው በሙሉ ሥዕል ነው። መጻሕፍቱ ጀርባቸው ወደ ግድግዳ፣ በወርቅ የተቀባው የገጾቻቸው ጠርዝ ወደ ሰው ዞሮ ተቀምጠዋል። በጣሪያው ሥር ሰባቱ የጥንት የትምህርት ዘርፎች በየተራ ተሥለዋል። የሒሳብ ክፍል ላይ ስትደርሱ ቀና በሉ፤ ሰሎሞንና ንግሥተ ሳባ አሉ! ንግሥቲቱ እንቆቅልሽ እየጠየቀችው ነው። በጠረጴዛው ጨርቅ ላይ ሁሉ በቁጥር፣ በሚዛንና በልክ እንደተሠራ የሚናገር ጽሑፍ በዕብራይስጥ ተጽፏል። ሒሳብ ክፍል የገባችውም ለዚህ ነው። እማዬ ቀና ብላ ቆየች። ከዚያ በአማርኛ የምታውቀውን የማክዳን ታሪክ ለመምህሩ መተረክ ጀመረች፤ ቀዳማዊ ምኒልክን፣ ታቦተ ጽዮንን፣ አክሱምን። እኔ አስተረጎምኩ። እሳቸው ቦርሳቸውን ከፍተው ማስታወሻ ደብተር አወጡና ጻፉ። የታሪክ መምህር ሆነው ኖረው ከአንዲት የአራት ኪሎ እናት ሲማሩ ምንም አላፈሩም። በዚያች ደቂቃ ነው ይህን ጽሁፍ እንደምጽፍ የወሰንኩት።

የነገሥታቱ መቃብር ከመሠዊያው ሥር ነው። ደረጃው ቀጥ ያለና የሚያንሸራትት እብነ በረድ ነው፤ ጉልበት ለሚያመው ሰው ይከብዳል። መምህሩ ወደ ኋላ ዞረው፣ እጃቸውን ዘርግተው፣ አንድ በአንድ ከፊቷ ወረዱላት። ታች ክብ ክፍል ውስጥ 26 የእብነ በረድ ሣጥኖች ተደርድረዋል። በአንድ በኩል የነገሡት፣ በሌላው በኩል ንጉሥ የወለዱ ንግሥቶች ናቸው። ዙፋን ላይ የተቀመጠችው ዳግማዊት ኢዛቤል ግን ከወንዶቹ ወገን ናት፤ ባሏ በንግሥቶቹ በኩል ተቀምጧል። አስከሬን ወዲያው እዚህ አይገባም። ሥጋው እስኪያልቅ በሌላ ዝግ ክፍል ለብዙ ዓመታት ይቆያል፤ አጽሙ ነው የሚመጣው። እማዬ የአጤ ምኒልክን በዓታን፣ ጃንሆይ ያረፉበትን ሥላሴን አነሳች። የጃንሆይ አጽም በ1993 ዓ.ም. በኛ ጥቅምት ወር ሥላሴ ሲገባ እዚያው ነበረች። መምህሩ ስለዚያ ቀን ብዙ ጠየቋት።

የፊሊጶስ መኝታ ቤት ከሁሉም በላይ ገረመኝ። ጠባብ ናት። ከአልጋው አጠገብ ያለው መስኮት ወደ ትልቁ መሠዊያ ይከፈታል። ሪህ እግሩን ይዞት መነሳት ሲያቅተው ተኝቶ ቅዳሴ የሚከታተለው በዚያ በኩል ነበር። በመስከረም 13 ቀን 1598፣ በ71 ዓመቱ እዚያው አረፈ። ውጭ ቆመን የጠየቅነው ጥያቄ መልሱን እዚህ ያገኘ መሰለኝ። ሰውየው ቤተ መንግሥት አልፈለገም፤ የሚጸልይበትና የሚሞትበት ቦታ ነው የሠራው።

ምሳ ላይ መምህሩ ቃላቸውን ጠበቁ። የስፔን ምስር ወጥ ብዙ ጊዜ የአሳማ ቋሊማ እንደሚገባበት አስጠነቀቁን፤ አትክልቱ ወጥም ላዩ ላይ እንቁላል ይዞ ይመጣል። ቀደም ብለው ለምግብ ቤቱ ደውለው ነበር። እማዬ ያለ እንቁላል በወይራ ዘይት የተሠራ አትክልትና በቲማቲም የተቀባ ዳቦ በላች። እሳቸውም ያንኑ አዘዙ። ማንም ሳያስገድዳቸው!

ከዚያ ወደ ሁለተኛው ቦታ ሄድን። ዛሬ ቫዬ ዴ ኩኤልጋሙሮስ ይባላል። እስከ 2022 ድረስ የወደቁት ሸለቆ በሚል ስም ነበር የሚታወቀው። ከሩቅ የሚታየው መስቀል 150 ሜትር ነው። እግሩ ሥር አራቱ ወንጌላውያን ከነምልክቶቻቸው ተቀርጸዋል። እማዬ አንበሳውን፣ ላሙንና ንስሩን አይታ "አርባዕቱ እንስሳ!" ብላ ደስ አላት። ቀጥላም ተራራው ውስጥ የተፈለፈለውን ቤተ ክርስቲያን ስታይ "እንደ ላሊበላ ነው እንዴ?" ብላ ጠየቀች።

መምህሩ ላሊበላን ያውቃሉ። ግን "አዎ" ብለው አላለፉም። ውስጡ ጸሎት ስለሚደረግና ዝምታ ስለሚያስፈልግ፣ ደጁ ላይ አግዳሚ ላይ አስቀምጠውን ሁሉንም ተናገሩ። ፍራንኮ ጦርነቱን በ1939 አሸነፈ። በዓመቱ ሚያዝያ 1 ቀን 1940 ይህ እንዲሠራ አዘዘ። በ1959 ተመረቀ። ድንጋዩን ከፈለፈሉት ውስጥ ብዙዎቹ የተሸነፈው ወገን እስረኞች ነበሩ፤ በሥራቸው የእስር ጊዜያቸው ይቀነስላቸው ነበር። የድንጋዩ አቧራ ሳንባቸውን የጨረሰው ሰዎች አሉ። ውስጡ ከ33,000 በላይ ሰዎች አጽም አለ። ከሁለቱም ወገን። ፍራንኮ ካሸነፈው ከሪፐብሊኩ መንግሥት ወገን የነበሩት ብዙዎቹ ከየጅምላ መቃብሩ ተለቅመው የመጡት ቤተሰብ ሳይጠየቅ ነው። ፍራንኮ ራሱ በ1975 መሠዊያው አጠገብ ተቀበረ። በጥቅምት 24 ቀን 2019 አስከሬኑ ወጥቶ በሄሊኮፕተር ወደ ሌላ መቃብር ተወሰደ። ከ2023 ጀምሮ ደግሞ የፎረንሲክ ባለሙያዎች ቤተሰቦቻቸው የሚፈልጓቸውን ሰዎች አጽም ከውስጥ እየፈለጉ ነው።

እማዬ ስለ ካህናቱ ጠየቀች። እሱንም አልሸሹም። በሪፐብሊኩ ግዛት ወደ 7,000 የሚጠጉ ካህናትና መነኮሳት ተገድለዋል። ከድሉ በኋላ ደግሞ ፍራንኮ በአሥር ሺዎች የሚቆጠሩ ሰዎችን ረሸነ። ሁለቱንም በአንድ ዓይነት ድምፅ ነው የነገሩን። "እርስዎስ ከየትኛው ወገን ነዎት?" አለች እማዬ። አያቶቻቸው በሁለቱም በኩል እንደነበሩ፣ ልጅ ሆነው በገበታ ላይ ስለ ጦርነቱ ማንም እንደማያነሳ ነገሩን። ያለፈው ወንጀል በፍርድ ቤት እንዳይጠየቅበት ያደረገው የ1977ቱ የምሕረት ሕግም ዝምታውን አጸናው አሉ። እማዬ ከዚህ በኋላ ስለ ላሊበላ አላነሳችም። "ነፍስ ይማር፣ ለሁሉም" አለች። መምህሩ ምን እንዳለች ጠይቀውኝ ነገርኳቸው። ዓይናቸው እንባ አቀረረ።

አንድ ነገር ደግሞ ለእኛ ብለው አዘጋጅተው ነበር። የጣሊያን ጦር አዲስ አበባ የገባው በግንቦት 1936 ነው። የስፔን ጦርነት የጀመረው በዚያው ዓመት ሐምሌ ነው። ሙሶሊኒ ፍራንኮን ለመርዳት በአሥር ሺዎች የሚቆጠር ወታደር ላከ። እኛ ዘንድ የየካቲት 12 ጭፍጨፋ በደረሰ በጥቂት ሳምንታት ውስጥ፣ በመጋቢት 1937 ያ ጦር ከማድሪድ ብዙ ሳይርቅ ጓዳላሃራ ላይ ተሸነፈ። ካሸነፉት መካከል ሙሶሊኒን የሚቃወሙ ጣሊያኖችም ነበሩ። አያቴ አርበኛ ነበሩ። እማዬ ይህን ስትሰማ መምህሩን እጃቸውን ይዛ "አባቴ ይህን ሳይሰማ ሞተ" አለቻቸው። እኔም ያን ቀን ነው የሰማሁት። በትምህርት ቤት ማንም አልነገረኝም።

ወደ ውስጥ ገብተን የነበረው ቆይታ አጭር ነው። ረጅም፣ ቀዝቃዛ፣ ጨለም ያለ ዋሻ ነው። ውበቱን የሚያደንቁ አሉ፤ እኔ ከግድግዳው ጀርባ ያለውን ካወቅኩ በኋላ ማድነቅ አልቻልኩም። ግን ሂዱና እዩት። ብቻችሁን ሳይሆን የሚያስረዳችሁ ሰው ይዛችሁ። ያለ ማብራሪያ ያያችሁት እንደሆነ ትልቅ መስቀል ያለበት ትልቅ ቤተ ክርስቲያን ብቻ ነው የሚመስላችሁ።

ለምትሄዱ ጥቂት ነገር ልበል። ሰኞ ሁለቱም ዝግ ናቸው። ኤል ኤስኮሪያል ብቻ ከሆነ የምትፈልጉት ከማድሪድ ሞንክሎዋ 661 ወይም 664 አውቶቡስ ይወስዳችኋል። ሸለቆው ግን ያለ መኪና ያስቸግራል። ሴጎቪያን ጨምረን በአንድ ቀን ሦስት ቦታ እናሳያችሁ የሚሏችሁን እኔ አልመክርም፤ እነዚህ ሁለቱ ራሳቸው ቀኑን ይሞላሉ። የመምህሩ ዋጋ ከአውቶቡስ ጉዞ ይወደዳል፤ ለሦስትና ለአራት ሰው ሲካፈል ግን ልዩነቱ ያን ያህል አይደለም። የሚናገሩት ስፓኒሽና ቀስ ያለ፣ ጥርት ያለ እንግሊዝኛ ነው። አስተርጉማችሁ እስክትጨርሱ ይጠብቃሉ። ስልካቸውን በአደባባይ እንድለጥፍ አልፈለጉም፤ በውስጥ መስመር ጻፉልኝ፣ እልክላችኋለሁ። በበጋ ቶሎ ይያዛሉ፤ ቀደም ብላችሁ ደውሉ።

መምህር፣ ይህን እህቴ ተርጉማ እንደምታነብልዎት ቃል ገብታልኛለች። ስለ ደረጃው፣ ስለ ምሳው፣ እውነቱን ሳይቀንሱ ስለነገሩን እናመሰግናለን። እማዬ አዲስ አበባ ተመልሳለች። እድሜ ይስጥልኝ ብላለች። አክሱምን ለማየት ሲመጡ ማረፊያዎ የእሷ ቤት እንደሆነም አደራ ንገሪልኝ ብላኛለች።