ዌክስለር 5ኛ እትም፦ ሁለት ቋንቋ በሚናገር ልጅ ላይ ያየሁት

ባለፈው የትምህርት ዓመት የ9 ዓመት ልጄ በሜሪላንድ በሚማርበት የመንግሥት ትምህርት ቤት የአእምሮ ችሎታ ምዘና ተደረገለት። ያገለገለው መሣሪያ በአጭሩ «ዊስክ 5» የሚባለው፣ ፒርሰን የተሰኘው አሳታሚ እ.ኤ.አ. በ2014 ያወጣው የዌክስለር የልጆች መለኪያ 5ኛ እትም ነው። በዋሽንግተን ዙሪያ የምንኖር ብዙ ወላጆች ይህን ስም መጀመሪያ የምናየው ከትምህርት ቤት በሚላክ የፈቃድ ቅጽ ላይ ሲሆን፣ ከመፈረማችን በፊት ምንነቱን በራሳችን ቋንቋ የሚያስረዳን ሰው በቀላሉ አናገኝም። እኔም ስፈርም ልጄ ላይ እስከ መጨረሻው የማይለቅ ስም ይለጠፍበታል ብዬ ፈርቼ ነበር። ፍርሃቱ መሠረት የለሽ አይደለም፤ በካሊፎርኒያ አንድ የፌዴራል ዳኛ እ.ኤ.አ. በ1979 ጥቁር ልጆች በአይኪው (የአእምሮ ችሎታ ነጥብ) ፈተና ምክንያት ያለ አግባብ ወደ ዘገምተኞች ክፍል ይላኩ እንደነበር አረጋግጦ ፈተናው ለዚያ ዓላማ እንዳይውል ከልክሏል። ስለዚህ መሣሪያውንም አገልግሎቱንም የረካሁበትንና ቅር ያለኝን ለይቼ እጽፋለሁ።

ጉዳዩን ያነሣው መምህሩ ነው። ልጄ ከአዲስ አበባ የመጣው በ6 ዓመቱ ነው። በቃል ሲጠየቅ አጥርቶ ይመልሳል፤ የሒሳብ ጥያቄ በሥዕል ሲቀርብለት ከጓደኞቹ ቀድሞ ይገባዋል፤ የጽሑፍ ፈተና ሲሆን ግን ግማሹን ሳይነካው ሰዓት ያልቅበታል። መምህሩ ችግሩ የእንግሊዝኛ ይሁን የሌላ ነገር መለየት ስላቃተው ምዘና እንዲደረግለት ጠየቀ።

ቀጠሮውን ስጠባበቅ አንድ ስሕተት ሠራሁ። በስልኬ ላይ በማስታወቂያ የመጣ የአይኪው ድረ ገጽ ከፍቼ ልጄን አስቀመጥኩት። ነጻ መሆኑ በትልልቅ ፊደል ተጽፏል፤ 20 ጥያቄዎቹን ጨርሶ ውጤቱን ስንጠብቅ ግን የባንክ ካርድ ተጠየቅሁ። ከፈልኩ፤ 131 የሚል የምስክር ወረቀት መጣ። ማታ ታላቅ እኅቱ ጥያቄዎቹን ሳታነብ እንዲሁ እየነካች ብትጨርሰው 118 ሰጣት። በማግስቱ ወር ደግሞ ያልተስማማሁበት የደንበኝነት ክፍያ ከሒሳቤ ተቆረጠ። ከገንዘቡ ይልቅ የቆጨኝ ልጄ ያንን 131 ለጓደኞቹ መናገሩ ነው። የአይኪው ነጥብ እንደ ቁመት በሜትር የሚለካ ነገር አይደለም፤ አንድ ልጅ ከዕድሜ እኩዮቹ መካከል የት እንደቆመ የሚያሳይ ደረጃ ነው። ማንን ከማን ጋር እንዳነጻጸረ የማይናገር ፈተና የሚሰጠው ቁጥር ምንም ትርጉም የለውም።

ዊስክ 5 በዚህ በኩል ግልጽ ነው። ዕድሜያቸው ከ6 ዓመት እስከ 16 ዓመት ከ11 ወር ለሆኑ ልጆች የተዘጋጀ ሲሆን፣ ማነጻጸሪያው በወላጅ የትምህርት ደረጃ፣ በዘርና በመኖሪያ አካባቢ የአሜሪካን የሕዝብ ቆጠራ እንዲመስሉ የተመረጡ 2,200 ልጆች ናቸው። አማካዩ 100 ነው፤ ከሦስት ልጆች ሁለቱ ያህል ከ85 እስከ 115 ባለው መካከል ይገኛሉ። 10 ዋና ዋና ንዑስ ፈተናዎች አሉት፤ እነሱም በ5 ዘርፍ ይመደባሉ፦ የቃል ግንዛቤ፣ ቅርጽንና ቦታን የመረዳት ችሎታ፣ አዲስ ችግር የመፍታት ችሎታ፣ ነገርን በአእምሮ ይዞ የመሥራት ችሎታ፣ የአሠራር ፍጥነት። ጠቅላላው አይኪው ግን የሚሰላው ከ10ሩ ሳይሆን ከ7ቱ ነው። አንድ መዛኝ ለአንድ ልጅ ብቻ፣ ፊት ለፊት ተቀምጦ የሚሰጠው ሲሆን አሥሩን ለመጨረስ አንድ ሰዓት ያህል ይወስዳል፤ ለልጄ ከዕረፍቱ ጋር ሁለት ሰዓት ሊሞላ ጥቂት ነበር የቀረው።

ለአገልግሎቱ የከፈልኩት የለም። በፌዴራል ሕግ መሠረት ትምህርት ቤቱ ፈቃድ ከተቀበለ በኋላ በ60 ቀን ውስጥ ምዘናውን በነጻ ማጠናቀቅ አለበት፤ በግል ክሊኒክ ቢሆን እዚህ አካባቢ ዋጋው በሺህ የሚቆጠር ዶላር ነው። አስተርጓሚም መደቡልን። ያዘገየን ነገር ቢኖር የአስተርጓሚዋ ቀጠሮ ሁለት ጊዜ መለወጡ ብቻ ነበር።

ወላጅ ወደ ምዘናው ክፍል አይገባም። የሆነውን የተረዳሁት ውጤቱ በተነገረኝ ዕለት የሥነ ልቦና ባለሙያዋ ጠረጴዛው ላይ ባፈሰሰቻቸው ኪዩቦች ነው። እያንዳንዱ ኪዩብ ሁለት ገጹ ቀይ፣ ሁለት ገጹ ነጭ፣ ሁለት ገጹ ደግሞ በሰያፍ ተከፍሎ ግማሹ ቀይ ግማሹ ነጭ ነው። ከፈተናው ያልሆነ ንድፍ በወረቀት ላይ ሥላ «እስቲ ይህን ሥሪው» አለችኝ። እኔ አንዱን ኪዩብ እያገላበጥኩ፣ እያስቀመጥኩና እያነሣሁ በመሞከር ሠራሁት። ልጄ እንዲህ እንዳልሠራ ነገረችኝ። እጁን ጉልበቱ ላይ አድርጎ ንድፉን ረጅም ጊዜ ካየ በኋላ ኪዩቦቹን አንድም ሳያስተካክል በተከታታይ ይደረድራቸው ነበር። ከንድፎቹ አንዱን የጨረሰው ሰዓቱ ካለፈ ከጥቂት ሰከንድ በኋላ ነው፤ በደንቡ መሠረት ነጥብ አልተሰጠውም፤ በማስታወሻዋ ጠርዝ ላይ ግን «ትክክል፣ ዘግይቶ» የሚል ጽፋለች። ያቺን ሁለት ቃል ሳይ ስለ ልጄ አንድ ዓመት ሙሉ ያልገባኝ ነገር ተገለጠልኝ። ማታ ቤት «እማዬ፣ ሠርቼዋለሁ እኮ፣ ሰዓቱ ነው ያለቀብኝ» ብሎኝ ነበር፤ ሰበብ መስሎኝ አልፌዋለሁ።

የፈተናው ፈጣሪ ዴቪድ ዌክስለር ራሱ በሩማንያ ተወልዶ በ6 ዓመቱ ገደማ ወደ ኒውዮርክ የመጣ ስደተኛ ነበር። በአንደኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ በአሜሪካ ጦር ውስጥ ለምልምሎች ፈተና ይሰጥ ነበር፤ በቤልቪው ሆስፒታል ሲሠራም እ.ኤ.አ. በ1939 የመጀመሪያውን የአዋቂዎች መለኪያ፣ በ1949 ደግሞ የልጆቹን አወጣ። ከእርሱ በፊት ፈረንሳዊው አልፍሬድ ቢኔ ከቴዎዶር ሲሞን ጋር በ1905 ያዘጋጀው ፈተና ዓላማው በክፍል ውስጥ ተጨማሪ እርዳታ የሚያስፈልጋቸውን ልጆች ለይቶ ማወቅ ነበር፤ ቢኔ የልጅ ችሎታ የማይለወጥ ነው የሚለውን አስተሳሰብ አጥብቆ ተቃውሟል። ጀርመናዊው ዊልያም ሽተርን በ1912 የአእምሮ ዕድሜን ለትክክለኛው ዕድሜ የማካፈልን ሐሳብ ካመጣና የስታንፎርድ ዩኒቨርሲቲው ሉዊስ ተርማን በ1916 በእንግሊዝኛ ካሰፋፋው በኋላ ግን ሰዉ አንዷን ቁጥር ብቻ ይዞ ቀረ። ዌክስለር የቃልና የተግባር ፈተናዎች ውጤት ለየብቻ እንዲነገር ማድረጉን እንደ ትልቅ ውለታ እቆጥረዋለሁ፤ ልጄን የጠቀመው ይኸው መለያየት ነውና።

አሁን ወደ ቋንቋው ልምጣ፤ አማርኛ በሚነገርበት ቤት ላደገ ልጅ ዋናው ጉዳይ እዚህ ላይ ነው። መጀመሪያ «አስተርጓሚ ካለ የቃል ፈተናውም በአማርኛ ይሰጠው» ብዬ ነበር። ባለሙያዋ መመሪያዎቹ በአማርኛ እንዲብራሩለት ተስማምታ ጥያቄዎቹን ማስተርጎም ግን አልፈቀደችም፤ ቅር ብሎኝ ነበር፤ በኋላ ሳስበው ልክ ነበረች። የፈተናው ጥያቄዎች እንዳይወጡ ስለሚጠበቁ የራሴን ምሳሌ ልስጥ። በእንግሊዝኛ «ኦርፋን» ምን ማለት ነው የተባለ ልጅ ቃሉን ቀድሞ ማወቅ አለበት፤ በአማርኛ «የሙት ልጅ» ምን ማለት ነው ቢባል መልሱ ከጥያቄው ውስጥ ነው። በእንግሊዝኛ «ኔስት» በዋናነት የወፍ ማደሪያ ነው፤ «ጎጆ» ግን የሰውም የወፍም ስለሆነ ልጁ «ቤት ነው» ቢል ሙሉ ነጥብ ይሰጠው ወይስ ግማሽ? ጥያቄው ሲተረጎም ክብደቱ ይለወጣል፤ ክብደቱ ከተለወጠ ደግሞ ከ2,200ዎቹ ልጆች ጋር ማነጻጸሩ ይፈርሳል።

ቁጥሮችን ሰምቶ መድገም በሚጠይቀው ክፍልም ቋንቋ ይገባበታል። ከአንድ እስከ ዘጠኝ ያሉት የእንግሊዝኛ ቁጥሮች ከሰባት በስተቀር በአንድ ምት የሚባሉ ናቸው፤ የእኛ ከ«አንድ» እና ከ«ሦስት» በስተቀር ሁለት ምት ይፈልጋሉ። የቁጥር ስም ሲረዝም በአእምሮ የሚያዘው ብዛት እንደሚቀንስ ዌልስኛና እንግሊዝኛ በሚናገሩ ሰዎች ላይ እ.ኤ.አ. በ1980 የታተመ ጥናት አሳይቷል። ልጄ ቁጥሮቹን በእንግሊዝኛ እየሰማ ከንፈሩ በአማርኛ ይንቀሳቀስ እንደነበር ያስተዋለችው አስተርጓሚዋ ናት፤ ባለሙያዋም ይህን በሪፖርቱ ውስጥ አስገብታዋለች። አማርኛ የማይሰማ መዛኝ ብቻውን ቢሆን ኖሮ ይህ አይታይም ነበር።

ውጤቱ እንዲህ ነበር። ጠቅላላው አይኪው 96 ነው፤ ከ100 እኩዮቹ 39 ያህሉን ይበልጣል ማለት ነው፤ ሪፖርቱ ግን ትክክለኛው ነጥብ ከ91 እስከ 102 ባለው ውስጥ ሊሆን እንደሚችል ከጎኑ አስፍሯል። በዘርፍ ሲታይ በቃል ግንዛቤ 84፣ በቅርጽና በቦታ 114፣ አዲስ ችግር በመፍታት 112፣ በአእምሮ ይዞ በመሥራት 97፣ በፍጥነት 86 አገኘ። ከፍተኛውና ዝቅተኛው በ30 ነጥብ ይራራቃሉ። ባለሙያዋ 96 የሚለው ቁጥር ልጁን እንደማይገልጸው በግልጽ ጽፋ፣ ቋንቋ ብዙ የማይፈልጉ 6 ንዑስ ፈተናዎች የሚደመሩበትን ሌላ ስሌት ተጠቀመች፤ በእርሱ 106 ሆነ። የ84ቱንም የማስተዋል ጉድለት አላለችውም፤ ሦስት ዓመት ብቻ እንግሊዝኛ የሰማ ልጅ የሚኖረው የቃላት ስንቅ መሆኑን አስረዳችኝ። የቀረው እውነተኛ ድክመት ፍጥነቱ ነው፤ እርሱም መምህሩ ካየው ጋር ልክ ለልክ ገጠመ።

ቅሬታዬ ከመሣሪያው አሠራር የሚመነጭ ነው። ሪፖርቱ 14 ገጽ ሆኖ ጠቅላላው ቁጥር የመጀመሪያው ሠንጠረዥ ላይ ተቀምጧል፤ ማብራሪያው 9ኛ ገጽ ላይ ነው። ችኩል አንባቢ 96ን አይቶ ይዘጋዋል። ሌላው፣ ፈተናው ልጁ የሚያውቀውን ይለካል እንጂ ሲያስተምሩት ምን ያህል እንደሚቀበል አያሳይም፤ ከተፈቀዱት የማሳያ ጥያቄዎች ውጭ መዛኙ ቢያስተምረው ውጤቱ ይበላሻል። በእስራኤል ሩቨን ፎየርስታይን (የሚገርመው እርሱም የሩማንያ ተወላጅ ነው) ይህን ክፍተት ለመሙላት ፈትኖ፣ አስተምሮ፣ እንደገና የሚፈትን ዘዴ አበጅቷል። ከባልደረቦቹ ጋር እ.ኤ.አ. በ1991 ባሳተሙት ጥናት ከኢትዮጵያ በገቡ ልጆች ላይ ሞክረውት፣ በሬቨን የሥዕል ማትሪክስ (የጎደለውን ሥዕል መርጦ መሙላት በሚጠይቅ ፈተና) መጀመሪያ ዝቅተኛ ነጥብ ያገኙት ልጆች አጭር ትምህርት ካገኙ በኋላ ነጥባቸው በእጅጉ ከፍ ብሏል። የመጀመሪያው ነጥብ ብቻ ተይዞ ቢሆን ኖሮ ስለ እነዚያ ልጆች ምን ይባል እንደነበር ሳስበው ያመኛል። በልጄ ትምህርት ቤት እንዲህ ያለ ምዘና ይሰጥ እንደሆነ ጠይቄ ነበር፤ አይሰጥም።

ይህን ሁሉ ይዤም ቢሆን፣ የፈቃድ ቅጹ ለደረሳችሁ ወላጆች እንድትፈርሙ እመክራለሁ፤ ስትፈርሙ ግን ልጃችሁ ቤት ውስጥ ምን ቋንቋ እንደሚናገርና እንግሊዝኛ መስማት የጀመረው መቼ እንደሆነ በጽሑፍ አስገቡ፤ አስተርጓሚ ጠይቁ፤ ቋንቋ የማይጫነው ስሌት በሪፖርቱ እንዲካተትም ጠይቁ። በሜሪላንድ ሪፖርቱ ውጤቱ ከሚታይበት የትምህርት ቤት ስብሰባ ቢያንስ 5 የሥራ ቀን ቀድሞ ሊሰጣችሁ ይገባል፤ ሳታነቡት ወደ ስብሰባው አትግቡ። ሕጉ በአንድ ፈተና ብቻ ውሳኔ እንዳይሰጥ ስለሚከለክል የመምህሩ ምልከታና የክፍል ሥራዎቹም ጠረጴዛው ላይ ይሁኑ። በምንም ምክንያት የናሙና ጥያቄ ከኢንተርኔት አውርዳችሁ ልጁን አታለማምዱ፤ ነጥቡ ከፍ ብሎ የሚያስፈልገው እርዳታ ይቀርበታል።

ልጄ አሁን በጽሑፍ ፈተና ላይ ተጨማሪ ግማሽ ሰዓት ይሰጠዋል፤ በሳምንት ሦስት ቀን በእንግሊዝኛ ቃላት ላይ ለብቻው ይሠራል። ባለፈው ሳምንት የሳይንስ ፈተናውን የመጨረሻ ገጽ ሞልቶ አመጣ፤ ከዚህ በፊት ያ ገጽ ባዶውን ነበር የሚመጣው። ቀጣዩ ምዘና በሦስት ዓመት ውስጥ መደረግ አለበት፤ ያን ጊዜም ያቺው አስተርጓሚ እንድትመደብልን ከአሁኑ በጽሑፍ ጠይቄያለሁ።