«ለሁሉም ጠመንጃ የሚሆን» የስኮፕ ቀለበት የለም፦ ከመክፈላችሁ በፊት ለኩ

የአጋዘን አደን ወቅት ሲቃረብ አሜሪካ ውስጥ «ስኮፕ ለገዛ ቀለበቱ በነጻ» የሚል ቅናሽ ይበዛል። ስኮፕ ጠመንጃ ላይ የሚጫን የማነጣጠሪያ መነጽር ነው፤ ቀለበቱ ደግሞ እሱን ከጠመንጃው ጋር የሚያስረው ነው። ማሸጊያው ላይ «ለሁሉም ጠመንጃ ይሆናል» ተብሎ ይጻፋል፤ ውስጡ ያለው ብዙ ጊዜ ረጅሙ ቀለበት ነው። ለሻጩ ይመቸዋል፤ ቀለበቱ ከፍ ካለ የስኮፑ ሌንስ ከበርሜሉ ጋር አይነካካም፣ «አልገጠመልኝም» ብሎ የሚመለስ ደንበኛም አይኖርም። መግጠም ሌላ፣ አስተካክሎ መተኮስ ሌላ። ዘንድሮ የመጀመሪያ ጠመንጃችሁን የምታዘጋጁ ወገኖች ይህን ስጦታ ከመቀበላችሁ በፊት የሚከተለውን አንብቡ።

ችግሩ የሚጀምረው ከጉንጭ ነው። የተለመደው የአደን ጠመንጃ ሰደፍ የተቀረጸው ዓይን ከበርሜሉ ብዙም ሳይርቅ እንዲያይ ተደርጎ ነው። ስኮፑ ከሚገባው በላይ 1 ሴንቲሜትር ከፍ ካለ ጉንጭ ሰደፉን ይለቅና በቦታው አገጭ ያርፋል። በአገጭ የተደገፈ ጭንቅላት አይረጋም፤ በእያንዳንዱ ተኩስ ዓይን ከስኮፑ ጀርባ ሌላ ቦታ ላይ ይውላል። አብዛኞቹ የአደን ስኮፖች ፓራላክሳቸው (ዓይን ሲንቀሳቀስ የማነጣጠሪያው መስቀል ዒላማው ላይ የሚሸሽበት ስህተት) ፋብሪካ ውስጥ በ100 ያርድ (91 ሜትር ገደማ) ላይ ተስተካክሎ የተዘጋ ስለሆነ በዚያ ርቀት የዓይን መንሸራተት ዒላማውን አያዛባም። በመለማመጃ ሜዳ ላይ ሁሉም ነገር ደህና የሚመስለው ለዚህ ነው። 300 ያርድ ላይ ግን ባለ 40 ሚሊሜትር ሌንስ ስኮፕ፣ ዓይን እስከ ጠርዙ ከሸሸ፣ እስከ 4 ሴንቲሜትር ያስታል። ስሌቱ እንዲህ ነው፦ የሌንሱ ግማሽ 20 ሚሊሜትር ነው፤ ከ100 ያርድ በላይ የተጨመረው 200 ያርድ የ100 ሁለት እጥፍ ስለሆነ 20 በ2 ይባዛል። 4 ሴንቲሜትር ብቻውን አጋዘን አያስትም። የንፋሱ፣ የእጅ መንቀጥቀጡና የርቀት ግምቱ ስህተት ሲደመርበት ግን እንስሳውን አቁስሎ ጫካ ውስጥ ማጣት ይመጣል። ይህ ደግሞ ከገንዘቡ በላይ የሚያሳዝን ነገር ነው።

ሁለተኛው አደጋ ቅንድብ ላይ ነው። ጉንጩ ያላረፈ ሰው ሙሉ ምስል ፍለጋ አንገቱን ወደፊት ይዘረጋል። የተለመደ የአደን ስኮፕ ከዓይን 9 ሴንቲሜትር ያህል መራቅ አለበት። አንገት ከተዘረጋ ይህ ክፍተት ይጠብና እንደ .30-06 ያለ ኃይለኛ ጥይት የሚተኩስ ጠመንጃ ሲረግጥ የስኮፑ የኋላ ጠርዝ ቅንድብን ይሰነጥቃል።

አሁን ወደ ማታለያው እንምጣ። «ዝቅተኛ»፣ «መካከለኛ»፣ «ከፍተኛ» የሚሉት ስሞች የጋራ መለኪያ የላቸውም። የአንዱ አምራች «መካከለኛ» የሌላው «ከፍተኛ» ሊሆን ይችላል። ቁጥር የሚጽፉትም ቢሆኑ ከሁለት ቦታ ይለካሉ፤ አንዳንዶቹ ከቤዙ (ጠመንጃው ላይ ያለው፣ ቀለበቱ የሚታሰርበት ብረት) አናት እስከ ስኮፑ ቱቦ ሥር፣ ሌሎቹ ከቤዙ አናት እስከ ቱቦው መሃል። ልዩነቱ የቱቦው ውፍረት ግማሽ ነው፦ ለ1 ኢንች ቱቦ 12.7፣ ለ30 ሚሊሜትር ቱቦ 15፣ ለ34 ሚሊሜትር ቱቦ 17 ሚሊሜትር። ስለዚህ አንዱ ሻጭ 21.5 ሚሊሜትር የሚለውና ሌላው 8.8 ሚሊሜትር የሚለው የ1 ኢንች ቀለበት አንድ ቁመት ሊሆኑ ይችላሉ። ቁጥሩ ከየት እስከ የት እንደተለካ መናገር የማይችል ሻጭ ካጋጠማችሁ ገንዘባችሁን ኪሳችሁ ውስጥ አቆዩት።

ልኬቱ ከ10 ደቂቃ በላይ አይፈጅም። በመጀመሪያ ካዝናውን አውጡ፣ ማቀባበያውን ከፍታችሁ የጥይት ክፍሉ ባዶ መሆኑን በዓይንም በጣትም አረጋግጡ፣ ከዚያ ቦልቱን (ማቀባበያውን ራሱን) ከጠመንጃው አውጡት። ቤዙ ወይም ሬሉ (ረጅም፣ አንድ ወጥ ቤዝ) በቦታው ታስሮ ሳለ ቀጥ ያለ የብረት ማስመሪያ አናቱ ላይ አስተኙና ወደፊት፣ በበርሜሉ ላይ እንዲዘልቅ አድርጉት። የስኮፑ የፊት ሌንስ በሚውልበት ቦታ ላይ ከማስመሪያው ሥር እስከ በርሜሉ አናት ያለውን ክፍተት ለኩ። በርሜሉ ወደፊት እየቀጠነ ስለሚሄድ ቦታውን በግምት አትውሰዱት፤ ስኮፑን ጎን ለጎን አስተኝታችሁ ምልክት አድርጉ።

ቀጥሎ የፊት ሌንሱን የውጭ ስፋት በካሊፐር (ስፋትና ውፍረት በሚለካ መሣሪያ) ውሰዱ። ብዙ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ላይ ነው። ስኮፑ ላይ የተጻፈው 40 ወይም 50 የመስተዋቱ ስፋት እንጂ የብረቱ አይደለም። ባለ 40 ስኮፕ በውጭ 47 ሚሊሜትር ገደማ፣ ባለ 50 ደግሞ 58 ሚሊሜትር ገደማ ይሆናል። ከውጭ ስፋቱ ግማሽ ላይ በማስመሪያው ያገኛችሁትን ክፍተት ቀንሱ፣ በሌንሱና በበርሜሉ መካከል የሚቀር 2.5 ሚሊሜትር መተንፈሻ ጨምሩ። ውጤቱ ከቤዙ አናት እስከ ቱቦው መሃል የሚያስፈልጋችሁ ቁመት ነው።

ክፍተቱ 10 ሚሊሜትር የሆነ ጠመንጃ ላይ ባለ 50 ስኮፕ ለመጫን 29 ሲቀነስ 10፣ ሲደመር 2.5፣ ማለትም 21.5 ሚሊሜትር ያስፈልጋል። እስከ ቱቦው ሥር ሲለካ ለ1 ኢንች ቱቦ 8.8፣ ለ30 ሚሊሜትር ቱቦ 6.5 ነው። ባለ 40 ስኮፕ ከሆነ 23.5 ሲቀነስ 10፣ ሲደመር 2.5፣ 16 ሚሊሜትር ብቻ። እስከ ቱቦው ሥር 15 ሚሊሜትር የሆነ «ነጻ» ቀለበት የ1 ኢንች ስኮፑን መሃል 27.7 ሚሊሜትር ላይ ያወጣዋል። ባለ 40 ስኮፕ ለጫነ ሰው ይህ ከሚፈለገው ከ11 ሚሊሜትር በላይ ትርፍ ነው። ጉንጭ የሚለቅቀው በዚህ ነው።

2.5 ሚሊሜትሩን ለመቆጠብ የሚሞክሩም አሉ። አትሞክሩ። በርሜል በተኩስ ይንቀጠቀጣል፣ ሲሞቅም ይለጠጣል፤ ሌንሱን ከነካ ጥይቱ የሚያርፍበት ቦታ ከተኩስ ተኩስ ይቀያየራል፣ የስኮፑ ጠርዝም ይጎዳል። ተከፍቶ የሚዘጋ የሌንስ ክዳን የምትጠቀሙ ከሆነ የክዳኑን ውፍረት ለብቻው ለክታችሁ ጨምሩ። ሬላችሁ 20 ኤምኦኤ (የማዕዘን መለኪያ፤ አንዱ የዲግሪ 1/60) ያዘነበለ ከሆነ ደግሞ የስኮፑ ፊት በየ20 ሴንቲሜትሩ 1.2 ሚሊሜትር ገደማ ዝቅ ይላል፤ ይህም ስሌቱ ውስጥ ይግባ። (አጋዘን በ200 ያርድ ለሚያድን ሰው ያዘነበለ ሬል አያስፈልገውም፤ ሻጭ ቢጨምርባችሁ እምቢ በሉ።)

የፊቱ ስሌት ብቻውን ግን አይበቃም፣ በተለይ በባለ 40 ስኮፕ። ከፊት 16 ሚሊሜትር ይበቃል ቢባልም የዓይን ጫፉ (ዓይን የሚያይበት የስኮፑ የኋላ ጫፍ) በውጭ 43 ሚሊሜትር ገደማ ስፋት ስላለው ግማሹ 21.5 ነው፤ ከቤዙ አናት 5.5 ሚሊሜትር ወደ ታች ይወርዳል ማለት ነው። በዚህ ጊዜ የማቀባበያው እጀታ ሲነሳ ከዓይን ጫፉ ጋር ሊጋጭ ይችላል። ስኮፑን ሳታጠብቁ በቀለበቱ ላይ አስቀምጡና በባዶ ጠመንጃ ቦልቱን ደጋግማችሁ ክፈቱ፣ ዝጉ። የክረምት ጓንት አድርጋችሁም ሞክሩ፤ ጣት ስኮፑ ሥር ከተጠመደ ሁለተኛውን ጥይት በጊዜ አታቀባብሉም። ማጉያውን የሚያዞረው የስኮፑ ቀለበት ላይ ትንሽ እጀታ ያላቸው ስኮፖች በየማጉያ ቁጥሩ መሞከር አለባቸው። ከፊትና ከኋላ ከሚመጡት ቁመቶች የሚበልጠውን ውሰዱ፤ ከዚያ በላይ ያለው ሁሉ ትርፍ ነው።

ስለ ባለ 50 ስኮፕ አንድ ነገር ልንገራችሁ፤ በጥቅል ሽያጭ የሚገፋው እሱ ነውና። «ሲመሽ ያበራል» ይባላል። ወደ ዓይን የሚደርሰው የብርሃን ክብ ስፋት የሌንሱ ስፋት ለማጉያው ሲካፈል የሚገኘው ነው። ባለ 40 ስኮፕ በ6 እጥፍ ማጉያ 6.7 ሚሊሜትር ይሰጣል፤ የሰው ዓይን ብሌን በጨለማ የሚከፈተው ከ5 እስከ 7 ሚሊሜትር ነው፣ ዕድሜ ሲገፋም ይቀንሳል። በብዙ ግዛቶች አጋዘን ማደን የሚፈቀደው ፀሐይ ከመውጣቷ ግማሽ ሰዓት በፊት ጀምሮ ከጠለቀች ግማሽ ሰዓት በኋላ ድረስ ነው፤ በዚያ ሰዓት ማጉያውን ወደ 6 ዝቅ ያደረገ ሰው ከባለ 50 የሚያተርፈው ጥቂት ነው። የሚከፍለው ግን 5.5 ሚሊሜትር ተጨማሪ ቁመትና ተጨማሪ ክብደት ነው።

ከቁመቱ ሌላ የሚያከስረው የቀለበቱ እግር ዓይነት ነው። ዊቨርና ፒካቲኒ ሁለት የቤዝ ዓይነቶች ናቸው፤ ከቀለበቱ እግር ሥር ያለው አግዳሚ ብረት በቤዙ ቁርጥ (ስንጥቅ) ውስጥ ይገባል። የዊቨር ቤዝ ቁርጥ 4.57፣ የፒካቲኒ 5.23 ሚሊሜትር ስፋት አለው። የዊቨር ቀለበት ብዙውን ጊዜ ፒካቲኒ ላይ ይቀመጣል፤ የፒካቲኒው አግዳሚ ግን ዊቨር ቁርጥ ውስጥ አይገባም። «ለሁለቱም ይሆናል» የሚለውን ቃል ሳይሆን አግዳሚውን ለኩ። ለ.22 (ትንሽ ጥይት ለሚተኩስ) እና ለአየር ጠመንጃ የተሠራው ባለ 11 ሚሊሜትር ቀለበትም በእነዚህ ጥቅሎች ውስጥ ይገኛል፤ ለዊቨርና ለፒካቲኒ ቤዝ አይሆንም። የሩገር ኩባንያ ሆክአይ ጠመንጃ ደግሞ የራሱ ቅርጽ ያለው ማሰሪያና የራሱ ቀለበት ይዞ ስለሚመጣ የዊቨር «ስጦታ» ለሱ ምንም አይፈይድም።

ሥሩ ክፍት የሆነውን፣ በብረቱ ማነጣጠሪያ እያያችሁ በላዩም ስኮፕ የምትጭኑበትን ቀለበት ተዉት። ጉንጫችሁ ለሁለቱም በአንድ ጊዜ ሊያርፍ አይችልም። ለኤአር-15 (ከፊል አውቶማቲክ ጠመንጃ) የተሠራው ባለ 1.5 ኢንች ማሰሪያም እንዲሁ ነው፤ መሃሉ ከሬሉ 38 ሚሊሜትር ይርቃል። ኤአር ሰደፉ ከበርሜሉ ጋር በአንድ መስመር ስለሆነ ያስፈልገዋል፤ ሰደፉ ወደ ታች ያዘነበለ የቦልት ጠመንጃ ግን አይፈልገውም።

ትክክለኛው ቀለበት ሲመጣ ብሎኑን ከማጥበቃችሁ በፊት የቀለበቱን እግር ቁርጡ ውስጥ ወደፊት ገፍታችሁ አስደግፉት፤ ጠመንጃው ወደኋላ ሲረግጥ ስኮፑ ወደፊት ነውና የሚሸሸው። የላይኛውን ክዳን ብሎኖች በተራ፣ በመስቀልኛ፣ በሁለቱም ጎን ያለው ክፍተት እኩል እንዲሆን አድርጋችሁ በቶርክ መፍቻ (የማጥበቂያውን ኃይል በሚለካ መፍቻ) ከ15 እስከ 18 ኢንች-ፓውንድ፣ ማለትም ከ1.7 እስከ 2 ኒውተን ሜትር አጥብቁ። አምራቹ ሌላ ቁጥር ከጻፈ የሱን ተከተሉ። በእጅ ግምት ከመጠን በላይ የተጠበቀ ክዳን ቱቦውን ሊጨፈልቅ፣ ውስጥ ያለው የማስተካከያ አካልም ሊያዝ ይችላል። የቀለበት ጭረት የታየበትን ስኮፕ ደግሞ ብዙ ሻጭ እንደ አዲስ አይመልስላችሁም፤ ስለዚህ ቁመቱ እስኪረጋገጥ አታጥብቁ።

የማረጋገጫው ሙከራ ይህ ነው። ጠመንጃው ባዶ ይሁን፣ የምታድኑበትን ወፍራም ጃኬት ልበሱ፣ ማጉያውን ከፍተኛው ላይ አድርጉ። ዓይናችሁን ጨፍናችሁ ጠመንጃውን ትከሻ ላይ አውሉ፣ ጉንጫችሁን አሳርፉ፣ ከዚያ ዓይናችሁን ክፈቱ። ጥቁር ጥላ የሌለበት ሙሉ ክብ ወዲያው መታየት አለበት። ለማየት ጭንቅላት ማንሳት ካስፈለገ ቀለበቱ ረጅም ነው።

ረጅሙን አስቀድማችሁ ገዝታችሁ መመለሱ እምቢ ካላችሁ፣ በሰደፉ ላይ የሚታሰር የጉንጭ ትራስ ገዝታችሁ ትርፉን ቁመት በስፖንጅ ንጣፍ መሙላት ይቻላል። ትራሱን ከማሰራችሁ በፊት ቦልቱን እስከ መጨረሻው ወደኋላ ሳቡት፤ ትራሱ ወደፊት ከበዛ ቦልቱ ስለሚመታው ማቀባበልም ሆነ ለጽዳት ማውጣት አይቻልም።