ደብሊው ደብሊው ኢ 2ኬ23 በፒኤስ 4፦ ከአሥር ወር በኋላ

የዚህ የሬስሊንግ (ነጻ ትግል) ቪዲዮ ጌም ዲስክ ጅማ ሄርማታ አካባቢ ባለ ፒኤስ 4 ስሊም ላይ በሳምንት አምስትና ስድስት ቀን ሲሠራ አሥር ወር አለፈው። እስካሁን ተጫዋች ያልሰለቸው አንዱ ክፍል ማይጂኤም፣ ማለትም ተጫዋቹ ሾው እንደ ሥራ አስኪያጅ (ጂኤም) የሚመራበት ነው። የጆን ሲና ሾውኬዝ፣ የእሱን ታዋቂ ግጥሚያዎች የሚያስጫውተው ክፍል፣ አንዴ ካለቀ ተመልሶ የሚነካው የለም፤ ማይፋክሽን፣ በካርድ ቡድን የሚሠራበት ክፍል፣ ኢንተርኔት ይፈልጋል። ማይጂኤም ላይ ግን እስከ አራት ሰው አንድ ቴሌቪዥን ፊት ተቀምጦ ሮው፣ ስማክዳውን፣ ኤንኤክስቲና ደብሊው ሲ ደብሊው የሚባሉትን ሾዎች ተከፋፍሎ በተመልካች ይሻማል።

ደብሊው ሲ ደብሊው መግባቱ የድሮውን ፉክክር ለሚያውቅ ሰው ትልቅ ነገር ነው። ናይትሮ፣ የደብሊው ሲ ደብሊው ሾው፣ በፈረንጆች 1995 ሰኞ ማታ ከሮው ጋር በአንድ ሰዓት መተላለፍ ጀመረ፤ ከ1996 አጋማሽ አንስቶ 83 ሳምንት በተከታታይ በተመልካች ብዛት በለጠው። በ2001 ግን ደብሊው ሲ ደብሊው ለዚያው ተፎካካሪው፣ ለሮው ባለቤት፣ ተሸጠ። በዚያ ፉክክር ጊዜ ናይትሮን ይመራ የነበረው ኤሪክ ቢሾፍ እዚህ ከሚመረጡት ጂኤሞች አንዱ ነው።

ብዙ ሰው የሚሸነፈው ገና ድራፍት (የታጋዮች ምርጫ) ላይ ነው። ስም ያላቸውን ለቅሞ ገንዘቡን ይጨርስና ግጥሚያ የሚያጣምርበት ሰው ያጣል። ታጋዮቹ በክላስ ይከፈላሉ፦ ፋይተር ከብሩዘር፣ ክሩዘር ከጃይንት ሲገጥም ግጥሚያው ያምራል፤ ስፔሻሊስት ከማንም ጋር ይሄዳል። ስለዚህ ክላሳቸው የሚስማማውን ጥንድ ጥንድ አድርጋችሁ ያዙ፤ ከጥንዱ አንዱ ደጉ፣ ሌላው ክፉው ይሁን። ሁለቱን በየሳምንቱ አንዴ በግጥሚያ፣ አንዴ በፕሮሞ (በንግግር ፍጥጫ) እያገናኛችሁ ጠባቸውን እስከ ደረጃ 4 አሳድጉና በትልቁ ዝግጅት ጨርሱት። እዚያ ላይ የሚገኘው ተመልካች የሳምንቱን ድካም ሁሉ ይክሳል።

ሁለተኛው ስህተት ስታሚና (የታጋዩ ጉልበት) ነው። እንደ ሮማን ሬይንስ ያለ ኮከብ በየሳምንቱ ሜን ኢቨንት (ዋናው ግጥሚያ) ላይ የሚያወጣ ሰው መጀመሪያ ይመራል። ከዚያ ስታሚናው ይወርዳል፣ ታጋዩ ይጎዳል፣ ትልቁ ዝግጅት ሲደርስ የለም። ሁለት ሳምንት አጫውቶ አንድ ሳምንት ማሳረፍ ይበቃል። የኮንትራቱንም ቀሪ ሳምንት ማየት አትርሱ፤ ጠባቸው ደረጃ 3 ላይ እያለ አንደኛው ኮንትራት ጨርሶ ቢሄድ ሥራው ሁሉ ባዶ ይቀራል።

ሪንጉ ውስጥ ቅሬታው ፒን፣ ማለትም ተጋጣሚን ጀርባው ላይ ይዞ ሦስት ማስቆጠር፣ ነው። ከፒን ለመውጣት ቀኝ ስቲኩን ልክ በሰዓቱ መግፋት ያስፈልጋል። ብዙ እጅ ያለፈበት ጆይስቲክ ግን ስቲኩ ውስጥ ያለው ስስ የካርቦን ንጣፍ ይፋቅና ሳይነኩት ይንቀሳቀሳል፤ ተጫዋቹ በትክክል ገፍቶም ሦስት ይቆጠርበታል። መፍትሔው ሴቲንግ ገብቶ ፒኑን ቁልፍ ደጋግሞ ወደሚመታበት መቀየር ነው። ስቲኩን በ99 ፐርሰንት አልኮል ማጠብ ለጥቂት ሳምንት ያስታግሳል፤ ከዚያ በኋላ ክፍሉን በብየዳ ከመቀየር ውጭ አማራጭ የለም።

ከሁሉ የሚከፋው መብራት ነው። ጌሙ ሴቭ እያደረገ ሳለ መብራት ከሄደ ፋይሉ ይበላሻል፤ የሃያ ሳምንት ፉክክር በአንድ ሰከንድ ይጠፋል። ስታብላይዘር ከዚህ አያድንም፤ ትንሽ ዩፒኤስ (መብራት ሲሄድ በባትሪ የሚያቆይ) ግን ሴቭ አድርጎ ለማጥፋት የሚበቃ ጊዜ ይሰጣል። ዩፒኤስ ከሌለ ከእያንዳንዱ ትልቅ ዝግጅት በፊት ሴቲንግ ውስጥ በአፕሊኬሽን ሴቭድ ዴታ ማኔጅመንት በኩል ፋይሉን ፍላሽ ላይ ቅዱ፤ ፍላሹ በኤፍኤቲ 32 ወይም በኤክስፋት ፎርማት የተደረገ ይሁን። ማሽኑ መብራት ሄዶ ከመጣ በኋላ ከተንቀራፈፈ ፈጽሞ አጥፉትና የማብሪያውን ቁልፍ ሁለተኛው ድምፅ እስኪሰማ ሰባት ሰከንድ ያህል ተጫኑ፤ ሴፍ ሞድ ይከፈታል። ጆይስቲኩን በኬብል ሰክታችሁ 5ኛውን፣ ሪቢልድ ዴታቤዝን ምረጡ፤ ይህ ጌሞቹን አያጠፋም።

የሌላውን የሬስሊንግ ድርጅት፣ የኤኢደብሊውን ጌም ፋይት ፎርኤቨርን ከዚህ ጋር የሚያወዳድር አለ። እሱን የሠራው ዩክስ ነው፤ የድሮዎቹን የስማክዳውን ጌሞች የሠራው ማለት ነው። ሪንግ ውስጥ ቀለል ያለና ፈጣን ነው፤ ሾው የሚመራበት ክፍል ግን የለውም፤ ለሾው ፉክክር የሚገዛ ሰው አይግዛው።

2ኬ23ን ያገለገለ የምትገዙ ከሆነ ሻጩ ፊት ማሽን ላይ አስገብታችሁ ቅጂው እስከ መጨረሻው መድረሱን እዩ። የተጫረ ዲስክ ብዙ ጊዜ የሚያቆመው መሃል ከደረሰ በኋላ ነው።