ስልኬን ማን አላስተኛው አለ? በጅማ መርካቶ ያገኘሁት የባትሪ አገልግሎትና የሁለት ወር ሙከራዬ

ስልኬ ከተገዛ ሦስተኛ ዓመቱን ሊደፍን ነው። 5,000 ሚሊአምፐር ሰዓት የሚይዝ ባትሪ ያለው፣ በአንድሮይድ 13 የሚሠራ፣ ዋጋውም መካከለኛ የሆነ ስልክ ሲሆን፣ በአዲስነቱ ከጠዋት እስከ ማታ ያለ ሐሳብ ያውለኝ ነበር። ከጥቂት ወራት ወዲህ ግን ጅማ ላይ ሞልቼው ወጥቼ፣ አጋሮ ደርሼ ሁለት ሦስት የቡና መረከቢያ ቦታዎችን ሳዳርስ፣ ገና ዘጠኝ ሰዓት ሳይሞላ ይዘጋብኝ ጀመር። ጀንፈል ቡና ሰብስቦ ለሚያቀርብ ሰው ይህ ቀላል ነገር አይደለም፤ ዋጋ የሚጠየቀው፣ ገንዘብ የሚተላለፈው፣ የጫነው መኪና የት እንደደረሰ የሚታወቀው በዚያው ስልክ ነውና።

መጀመሪያ ያደረግሁት ብዙ ሰው የሚያደርገውን ነው፤ «ባትሪ ያድናል» የሚል ነፃ መተግበሪያ አወረድሁ። ሲከፈት መጥረጊያ የያዘ ሥዕል ስክሪኑን ከዳር እስከ ዳር ይጠርግና፣ ይህን ያህል መተግበሪያ ተዘጋ፣ ይህን ያህል ደቂቃ ተጨመረ ብሎ ያበሥራል። ለሦስት ቀን ያህል ደስ አለኝ። በአራተኛው ቀን ቻርጀር በሰካሁ ቁጥር ማስታወቂያ በስክሪኑ ላይ ይዘረጋ ጀመር፤ ባትሪው ግን እንደ ቀድሞው ዘጠኝ ሰዓትን አልተሻገረም። የመተግበሪያውን ስም አልጠቅስም፤ አንዱ ቢጠፋ ዐሥር መሰሎቹ ስላሉ ስሙን ማወቅ ለአንባቢ የሚጠቅም አይመስለኝም።

ቀጥሎ በመርካቶ ወዳለች አንዲት ጠባብ የስልክ ጥገና ሱቅ ሄድሁ፤ ይህ ግምገማም በዋናነት እዚያ ስላገኘሁት አገልግሎት ነው። የሄድሁት ባትሪ ለማስቀየር ወስኜ፣ ገንዘቡንም ይዤ ነበር። ወጣቱ ባለሙያ ስልኩን ተቀብሎ የጀርባ ክዳኑን ዙሪያ በአውራ ጣቱ ጥፍር ቀስ እያለ ዳሰሰ፤ ክዳኑ ከጠርዙ የተላቀቀበት ቦታ ካለ ባትሪው አብጧል ማለት እንደሆነ ነገረኝ። አልተላቀቀም። ከዚያ ስልኩ ከመዝጋቱ በፊት ከሠላሳና ከዐርባ በመቶ በአንዴ ወደ ዜሮ ይወርድ እንደሆነ ጠየቀኝ፤ እንደዚያ እንደማያደርግ፣ ቀስ በቀስ እንደሚያልቅ ስነግረው ስልኩን መልሶ ወደ እኔ አዞረው። «ጋሼ፣ ባትሪዎ ደህና ነው። ስልክዎ ሌሊት አይተኛም፤ ማን እንደማያስተኛው እንይ» አለኝ። ባትሪ ሸጦ ሊያተርፍ ሲችል አለመሸጡ ለዚህ ሱቅ ያለኝን ግምት ከፍ አድርጎታል።

ያየነውም እንዲህ ነው። ሴቲንግ ውስጥ «ባትሪ» የሚለውን ሲከፍት፣ ማታ አራት ሰዓት ላይ በ100 የተኛው ስልኬ ጠዋት አሥራ ሁለት ሰዓት 74 ላይ መገኘቱን ሰንጠረዡ ቁልጭ አድርጎ አሳየን፤ እኔ ተኝቼ ሳለ ሩብ ያህሉ ተበልቶ አድሯል። ከሥር በተዘረዘሩት መተግበሪያዎች ላይ አንደኛ የወጣው የት እንዳለሁ ሌሊቱን ሙሉ ሲጠይቅ የሚያድር የአየር ሁኔታ መተግበሪያ ነበር፤ ጅማ ውስጥ ዝናብ መምጣቱን ለማወቅ ደጅ ወጥቶ ሰማዩን ማየት ሲበቃኝ ለምን እንደጫንሁት እስካሁን አላውቅም። ሁለተኛው ቪዲዮ አስቀድሞ እያወረደ የሚጠብቅ የዜና መተግበሪያ ሲሆን፣ ሦስተኛው ያ ባትሪ ያድናል የተባለው ራሱ ነበር። ወጣቱ ሳቀ፤ እኔ ግን ለመሳቅ ጥቂት ጊዜ ወሰደብኝ።

ከዚህ በኋላ የሠራው ሥራ አዲስ ነገር መጫን ሳይሆን በስልኩ ውስጥ ያለውን መጠቀም ነበር። አንድሮይድ እ.ኤ.አ. በ2015 ከወጣው ስድስተኛው ቅጂ ጀምሮ፣ ቻርጀር ያልተሰካበትና ስክሪኑ የጠፋ ስልክ ሳይነካ ጥቂት ሲቆይ፣ መተግበሪያዎች እንደፈለጉ ከኢንተርኔት እንዳይገናኙ ይከለክልና አልፎ አልፎ ብቻ ሁሉንም በአንድ ላይ ያስተናግዳል። ይህ አሠራር በ2016 ተሻሽሎ ስልኩ በኪስ ውስጥ ሆኖ ሰው ሲንቀሳቀስም በመጠኑ መሥራት ጀመረ። በ2018 የወጣው ዘጠነኛው ቅጂ ደግሞ የትኛውን መተግበሪያ በየቀኑ፣ የትኛውን ከስንት አንዴ እንደምንከፍት እያጠና፣ ብዙ የማንነካውን በዚያው ልክ ያቅበዋል። እንግዲህ ስልኩ ራሱ ዘበኛ አለው፤ ችግሩ እኛ ሳናነብ «ፍቀድ» ባልን ቁጥር ለመተግበሪያዎቹ ከዘበኛው የሚያሳልፍ ወረቀት እየሰጠናቸው መሆኑ ነው። ወጣቱ ያንን ወረቀት ነጠቃቸው፤ የአየር ሁኔታውና የሌሎች ሰባት መተግበሪያዎች ቦታ የማወቅ ፈቃድ «በሥራ ላይ ሲሆን ብቻ» ተባለ፣ ልጄ ጭኖት የረሳው ጨዋታና ያ ባትሪ አዳኝ ተነቀሉ፣ የዜናው መተግበሪያ ከጀርባ እንዳይሠራ ተገደበ። በማግስቱ ጠዋት ስልኬ በ95 ተነሣ።

አንድ ልማድም አስተወኝ። እኔ ስልኬን ኪሴ ከመክተቴ በፊት የተከፈቱትን መተግበሪያዎች ሁሉ በጣቴ እያንሸራተትሁ የመዝጋት ልማድ ነበረኝ፤ ቁጠባም ይመስለኝ ነበር። እ.ኤ.አ. በማርች 2016 የአፕል የሶፍትዌር ኃላፊ ክሬግ ፌደሪጊ ይህ ለባትሪ ይጠቅም እንደሆነ ለጠየቀው ደንበኛ እንደማይጠቅም የመለሰ ሲሆን፣ በጊዜው የአንድሮይድ ኃላፊ የነበረው ሂሮሺ ሎክሃይመርም በዚያው ሰሞን ሐሳቡን ደግፏል። ምክንያቱ ከባድ አይደለም፤ ቆሞ የሚጠብቅ መተግበሪያ እምብዛም ኃይል አይወስድም፣ ተዘግቶ እንደ አዲስ ሲከፈት ግን ሁሉን ነገር ከሥር ጀምሮ ይጭናል። አቦል ከተቀዳ በኋላ ፍሙን በውኃ አጥፍቶ ለቶና እንደገና ከሰል እንደማቀጣጠል ነው።

በሙከራዬ ወቅት ከሁሉ ይልቅ ያስገረመኝ ግን ከመተግበሪያ ጋር ብዙም የማይገናኝ ነገር ነው። በከተማ ውስጥ ስውል የተረፈኝ ባትሪ፣ ከአጋሮ ወደ ጌራ በሚወስደው መንገድ ስውል አይተርፈኝም ነበር። ስልክ ከኔትወርክ ማማ ሲርቅ ወይም ኮረብታ ሲጋርደው፣ ከሩቅ ሊሰማ ድምፁን ከፍ እንደሚያደርግ ሰው የማሠራጫ ኃይሉን ይጨምራል፤ ሲጠፋበት ደግሞ ሳይታክት ይፈልጋል። በቆርቆሮ በተሠራ መጋዘን ውስጥ ቡና ሲመዘን ተቀምጦ መዋልም ከዚህ አይለይም፤ ብረቱ ሞገዱን ያግዳልና። እንዲህ ባለ ቦታ ዳታ በርቶ ከጀርባ የሚጣደፉ መተግበሪያዎች ካሉ ጉዳቱ እጥፍ ነው። አሁን ኔትወርክ የሌለበት መንገድ ላይ ስገባ የአውሮፕላን ሁነታውን አበራለሁ፣ ወደ ከተማ ስቃረብ አጠፋዋለሁ። ለዚህ ምክር ሱቁን አላመሰግንም፤ ማንም አልነገረኝም፣ ለሁለት ሳምንት መቶኛዎቹን በቡና መመዝገቢያ ደብተሬ ጠርዝ ላይ እየጻፍሁ የደረስሁበት ነው።

ወጣቱ የሰጠኝ ሌላ ምክር ግን ለእኔ ስልክ አልሠራም። ስክሪኑን ወደ ጥቁር ገጽታ ቀየረልኝና ብዙ እንደሚቆጥብ ነገረኝ፤ ለሳምንት ተጠቅሜበት ልዩነት አላየሁም። የእኔ ስክሪን ከጀርባው መብራት የሚበራ ኤልሲዲ በመሆኑ፣ ሥዕሉ ጥቁርም ሆነ ነጭ መብራቱ ያው ነው። ጥቅሙ እያንዳንዱ ነጥብ በራሱ ለሚበራበትና ጥቁር ሲሆን ለሚጠፋበት፣ ኦሌድ ለሚባለው ስክሪን ነው፤ ለዚያም ቢሆን ልኩን ማወቅ ያሻል። በአሜሪካ የፐርዱ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች እ.ኤ.አ. በ2021 ባወጡት ጥናት፣ የኦሌድ ስክሪን ብርሃን ከ30 እስከ 50 በመቶ ላይ ሲሆን በጥቁር ገጽታ የሚቆጠበው በአማካይ ከ3 እስከ 9 በመቶ ብቻ ነው፤ ብርሃኑ ሙሉ ሲሆን ነው ቁጠባው ከ39 እስከ 47 በመቶ የሚደርሰው። የእኔን ስክሪን የጠቀመው ብርሃኑን ዝቅ ማድረግና በ30 ሰከንድ እንዲጠፋ ማድረግ ብቻ ነበር።

አሁን ወደ ቅሬታዬ ልመለስ። ወጣቱ የትኛውን መተግበሪያ እንደገደበ ሳይነግረኝ ከገደባቸው መካከል ቴሌግራም ይገኝበታል። ጓደኞቼ የዕለቱን ዋጋ የሚለዋወጡት በቴሌግራም ቡድን ነው። አንድ ማክሰኞ ጠዋት አጋሮ ላይ ዋጋው መውረዱን የሚገልጽ መልእክት ተልኮ፣ ለእኔ ግን ማሳወቂያ ሳይመጣ፣ በትናንቱ ዋጋ ብዙ ፈረሱላ ተዋዋልሁ። መተግበሪያውን በራሴ እጅ ስከፍተው ነው መልእክቱ የደረሰኝ። ከገበሬው ጋር የተነጋገርሁትን ቃል ማጠፍ ስለማልወድ ልዩነቱን ከኪሴ ከፈልሁ። ሥርዓቱ የታዘዘውን ነው ያደረገው፤ ሱቁ ግን ሥራዬ ምን እንደሆነና የትኛው መልእክት መዘግየት እንደሌለበት አስቀድሞ ሊጠይቀኝ ይገባ ነበር፣ እኔም ሳላረጋግጥ መውጣት አልነበረብኝም። አሁን ቴሌግራምና የባንኩ መተግበሪያ ያልተገደቡ ናቸው፤ ለዚህ የምከፍለው በቀን ጥቂት መቶኛ ነው፣ ቅርም አይለኝም።

ሌላው፣ ብዙ ሥራ ስላለበት ስልኩን ከነይለፍ ቃሉ ትቼለት እንድሄድ ጠይቆኝ ነበር። የሞባይል ገንዘብ ያለበትን ስልክ ለማንም አልተውም ስለው ሳይከፋው እፊቴ ሠራልኝ። ወደዚያ ሱቅ የሚሄድ ሰው እንደ እኔ ቁጭ ብሎ ቢጠብቅ ይሻላል፤ የፈጀብኝ ሃያ አምስት ደቂቃ ያህል ነው።

ይህ ሁሉ ግን ያረጀን ባትሪ ወጣት አያደርግም። የሊቲየም ባትሪ በሙቀትና በተደጋጋሚ መሞላት እየደከመ መሄዱ አይቀርም፤ አፕል እንኳ የአይፎን 14ንና ከዚያ በፊት የወጡትን ስልኮቹን ባትሪ ከ500 ሙሉ የመሙላት ዙር በኋላ 80 በመቶ አቅሙን እንዲይዝ አድርጎ እንደሠራው ነው የሚገልጸው። ስለዚህ ስልኩን ከመኪና መስታወት ሥር ፀሐይ ላይ ማስቀመጥ ትቻለሁ፣ መብራት ሊሄድ ይችላል ተብሎ በተሠጋበት ቀን ካልሆነም ከ80 በላይ አልሞላውም። ሠላሳ በመቶ ላይ ድንገት የሚዘጋ ወይም ክዳኑ ያበጠ ስልክ ያለው ሰው ሴቲንግ በመነካካት ጊዜውን ባያጠፋ ይሻለዋል፤ ያበጠው ደግሞ በቶሎ መቀየር አለበት፣ አደጋ አለውና።

ለአገልግሎቱ የከፈልሁት 200 ብር ነው። ዛሬ ከሁለት ወር በኋላ ከአጋሮ ውዬ አንድ ሰዓት ግድም ጅማ ስገባ ስልኬ ከ30 በመቶ በታች ሆኖ አያውቅም፤ ጌራ በምሄድበት ቀን 20 ገደማ ይቀርለታል። ለስልኩ የራሱ የባትሪ መቆጣጠሪያ ከአምስት አምስት፣ ለሱቁ በቴሌግራሙ ጉዳይ አንድ ቀንሼ አራት እሰጣለሁ። ቅዳሜ የገበያ ቀን ስለሆነ ወረፋው ረጅም ነው፤ በሌላ ቀን ጠዋት የሄደ ሰው ወንበር ያገኛል።